ሌኒ ሪፈንሽታል፦ ካሜራው የት ቆሞ ነበር?

በርሊን ውስጥ በፕሩሺያ ባህላዊ ቅርስ ፋውንዴሽን እጅ 700 ያህል ሳጥኖች አሉ። ፎቶግራፍ፣ የፊልም ጥቅል፣ ደብዳቤ፣ የግል ማስታወሻና የስልክ ንግግር የተቀዳባቸው ካሴቶች ሞልተውባቸዋል። ሁሉም በ2003 በ101 ዓመቷ የሞተችው ጀርመናዊት የፊልም ዳይሬክተር የሌኒ ሪፈንሽታል ንብረት ነበሩ (እዚህ የተጠቀሱት ዓመታትና ቀናት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሳጥኖቹ በ2018 ለፋውንዴሽኑ ተሰጡ። በ2024 ደግሞ ጀርመናዊው ዳይሬክተር አንድሬስ ፋየል ከእነዚሁ ሰነዶች ተነሥቶ ስለ እሷ የሠራው ዘጋቢ ፊልም በቬኒስ ፌስቲቫል ታየ።

ከዚያ ወዲህ የድሮው ሙግት እንደገና ተነሥቷል። አንደኛው ወገን "ፖለቲካውን እንተወውና ጥበቡን እንይ" ይላል። ሌላው "የሂትለር አፈ ቀላጤ ነበረችና ሥራዋ ከነጭራሹ መታየት የለበትም" ባይ ነው። ሁለቱ ወገኖች የሚቃረኑ ይመስላሉ እንጂ መነሻቸው አንድ ነው፤ ጥበቡንና ፖለቲካውን ለየብቻ ሊቀመጡ የሚችሉ ሁለት ዕቃዎች አድርገው ያስባሉ። ፊልሞቹ እንዴት እንደተሠሩ፣ ማን እንደከፈለ፣ ካሜራው የት እንደተተከለና ምን ተቆርጦ እንደወጣ አንድ በአንድ ሲታይ ግን መለያው መስመር አይገኝም።

ከዳንስ መድረክ ወደ ፖለቲካው ደጃፍ

ሪፈንሽታል በ1902 በርሊን ተወለደች። የጀመረችው በዳንስ ሲሆን የጉልበት ጉዳት ሲያስቆማት ወደ ፊልም ዞረች። በአርኖልድ ፋንክ "የተራራ ፊልሞች" ላይ ከ1926 ጀምሮ ተወነች። እነዚህ ፊልሞች በበረዶ፣ በገደልና በጀግንነት ላይ የቆሙ፣ ጀርመን ውስጥ በዘመኑ እጅግ የሚወደዱ ነበሩ። ፋንክ ካሜራውን ከስቱዲዮ አውጥቶ ተራራ ላይ ይሰቅል ነበር፤ ሰውን ከታች ወደ ላይ፣ ከሰማይ ጋር አጋጥሞ ማሳየትን ተማሪዋ ከእሱ ወሰደች። ይህ የቀረጻ ልማድ ኋላ የት እንደዋለ እናያለን።

በ1932 የመጀመሪያ ፊልሟን "ሰማያዊው ብርሃን"ን ሠራች። ድርሰቱን አብሯት የጻፈው ሃንጋሪያዊው አይሁዳዊ ቤላ ባላዥ ነው። ናዚዎች ሥልጣን ከያዙ በኋላ ባላዥ ያልተከፈለውን ገንዘብ ሲጠይቅ፣ እሷ በ1933 መጨረሻ ጉዳዩን ይዞ እንዲከራከርላት ለዩሊየስ ሽትራይኸር ውክልና ጻፈች። ሽትራይኸር የጸረ አይሁዱ ጋዜጣ የ"ዴር ሽቱርመር" አሳታሚ ነው። ውክልናው ላይ ባለዕዳዋ ሳትሆን ባለመብቱ ነው በዘሩ የተጠራው፤ "የአይሁዳዊው የቤላ ባላዥ ጥያቄ" ይላል። ፊልሙ በ1938 እንደገና ሲወጣ የባላዥ ስም ከሠሪዎቹ ዝርዝር ጠፍቷል።

ከሂትለር ጋር የተገናኘችውም ገና ሥልጣን ሳይዝ፣ በ1932፣ ራሷ ደብዳቤ ጽፋለት ነው። በኋላ ስትናገር በተደጋጋሚ "ተገድጄ ነው" ትል ስለነበር ይህ ቅደም ተከተል ዋጋ አለው።

ኑረምበርግ፣ 1934

የናዚ ፓርቲ በየዓመቱ በኑረምበርግ ከተማ ታላቅ ጉባኤ ያደርግ ነበር። በ1933 የተደረገውን ቀርጻ አንድ ሰዓት ያህል የሚፈጅ ፊልም ሠራች። ይሁንና በ1934 አጋማሽ ሂትለር የኤስ አ (የናዚ ፓርቲ የታጠቀ ክንፍ) አለቃ የነበረውን ኤርንስት ሬምን አስገደለ። በፊልሙ ውስጥ ሬም ከሂትለር ጎን ለጎን ስለሚታይ ፊልሙ ከገበያ ተሰበሰበ። ስለዚህ አዲስ ጉባኤ፣ አዲስ ፊልም፣ በአዲስ መሪዎች አሰላለፍ አስፈለገ። "የፈቃድ ድል" የተባለው ፊልም የመጣው በዚህ ምክንያት ነው። ርዕሱን የሰጠው ሂትለር ነው።

የሰው ኃይሉ 170 ያህል ነበር። ካሜራ ያዦቹ ከሰልፈኛው ተለይተው እንዳይታዩ የኤስ አ የደንብ ልብስ ለበሱ። ሂትለር በሚናገርበት መድረክ ዙሪያ ሐዲድ ተዘረጋና ካሜራው ተናጋሪውን እየዞረ እንዲቀርጸው ተደረገ። ከ30 ሜትር በላይ በሚረዝም ባንዲራ መስቀያ ላይ ትንሽ የኤሌክትሪክ አሳንሰር ተገጥሞ ባለካሜራውን ሽቅብ ያወጣው ነበር። ሜዳው ሊቀረጽ በሚችልበት መንገድ መሰናዳቱም ሐሜት አይደለም፤ በ1935 በራሷ ስም የታተመው ስለ ቀረጻው የሚተርከው መጽሐፍ የጉባኤው ዝግጅትና የካሜራው ዝግጅት አብረው እንደታቀዱ ይገልጻል።

ይህ ሁሉ ድካም ለምን? ረጅም ንግግር በፊልም አሰልቺ ነው። ካሜራው አንድ ቦታ ቆሞ ለሁለት ሰዓት ሰውን ቢያሳይ ተመልካቹ ይተኛል። ካሜራው ሲንቀሳቀስ ግን የቆመው ተናጋሪ ራሱ የሚንቀሳቀስ ይመስላል። ዋናው ነገር ደግሞ የከፍታው ልዩነት ነው። ሕዝቡ በአብዛኛው ከላይ ይታያል፤ ከአሳንሰሩ ላይ ሲታይ ሰው መሆኑ ይቀርና መስመር፣ አራት ማዕዘን፣ ጌጥ ይሆናል። መሪው ከታች ይታያል፤ ከጀርባው ሰማይ ብቻ ነው ያለው። ከሕዝቡ መሃል በቅርብ የሚታየው ፊት ቀና ብሎ የሚያይ፣ ፈገግ ያለ፣ ወጣት ፊት ነው። ተመልካቹ ማን ለማን እንደተፈጠረ የሚረዳው አንድም ቃል ሳይነገረው ነው።

ቀጥሎ ኤዲቲንግ አለ፤ የተቀረጸውን መርጦ፣ ቆርጦ፣ መቀጠል ማለት ነው። በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም አንድ ደቂቃ ድምፃዊ ምስል 27 ሜትር ያህል ጥቅል ይበላል። ኑረምበርግ ላይ የተቀረጸው ከ100,000 ሜትር በላይ ነው፤ ይህም ከ60 ሰዓት ያልፋል። ለሕዝብ የቀረበው ሁለት ሰዓት እንኳ አይሞላም። ስለዚህ ከ30 ደቂቃ ምስል 29ኙ መሬት ላይ ቀርቷል። የቀኖቹ ቅደም ተከተልም በጥብቅ አልተጠበቀም፤ ምስሉ የተደረደረው እንደ ሙዚቃ እየሞቀና እየበረደ እንዲሄድ ተብሎ ነው።

የሂትለር የሕንፃ ባለሙያ አልበርት ሽፔር በ1969 ባሳተመው ትዝታው፣ የአንዳንድ ባለሥልጣናት ንግግር ቀረጻ ስለተበላሸ በርሊን ስቱዲዮ ውስጥ የአዳራሹ መድረክ እንደገና ተሠርቶ፣ ሰዎቹ ባዶ አዳራሽ ፊት ቆመው በስሜት እንደገና እንደተናገሩ ጽፏል። ሪፈንሽታል ይህን ክዳለች።

የእሷ መከላከያ ሌላ ነበር፦ ፊልሙ ተራኪ ድምፅ ስለሌለው ፕሮፓጋንዳ ሊሆን አይችልም፤ የሆነውን ብቻ የሚያሳይ የታሪክ ሰነድ ነው። ብዙ ሰው ዛሬም በዚህ ክርክር ይረታል። ፕሮፓጋንዳ ማለት ሰው ሳያመዛዝን አንድን አቋም እንዲቀበል ታስቦ የሚሰራጭ መልእክት ነው፤ በቃል መነገሩ ግዴታ አይደለም። ተራኪ ሲኖር ተመልካቹ "ይሄ ሰው ምን እያለኝ ነው?" ብሎ ለመጠርጠር ዕድል አለው። ተራኪው ሲጠፋ የሚጠረጠረው አብሮ ይጠፋል። የቀረው ምስልና የሄርበርት ቪንት ሙዚቃ ነው፤ ሁለቱ ደግሞ ክርክር አይቀበሉም። የተራኪው አለመኖር የፊልሙን ኃይል ጨመረው እንጂ አልቀነሰውም።

ገንዘቡ በማን በኩል መጣ?

የ1936ቱን የበርሊን ኦሎምፒክ በሚመለከት እስከ ዕለተ ሞቷ የተናገረችው አንድ ነው፤ ፊልሙን የራሷ ነጻ ድርጅት እንደሠራውና መንግሥት እጁ እንደሌለበት ነው። ወረቀቱ የሚናገረው ሌላ ነው።

በ1935 ማብቂያ ኦሎምፒያ ፊልም የተባለ ኃላፊነቱ የተወሰነ ኩባንያ ተቋቋመ። ባለአክሲዮኖቹ እሷና ወንድሟ ሃይንዝ ናቸው። ገንዘቡን ያፈሰሰው ግን የጎብልስ የፕሮፓጋንዳ ሚኒስቴር ነው፤ መነሻው 1.5 ሚሊዮን ራይሽ ማርክ ሲሆን እያደገ ሄዷል። የኩባንያውን ምዝገባ የተቀበለው የበርሊን ፍርድ ቤት ጥያቄ ባነሳ ጊዜ ሚኒስቴሩ በ1936 መጀመሪያ የሰጠው መልስ ቁልጭ ያለ ነው፦ ኩባንያው ያስፈለገው መንግሥት የፊልሙ ሠሪ ሆኖ በግልጽ መታየት ስለማይፈልግ ነው። ምክንያቱም ግልጽ ነው። በጀርመን መንግሥት ማኅተም የወጣ ፊልምን የውጭ አገር ሲኒማ ቤቶች ይሸሹታል፤ በአንዲት አርቲስት ስም ሲመጣ በራቸውን ይከፍታሉ። ዛሬ "የሽፋን ኩባንያ" የምንለው አሠራር ከነሙሉ አካሉ እዚህ አለ። የእሷ "ነጻ አርቲስት" መሆን የፊልሙ የሽያጭ ስልት አንዱ ክፍል ነበር ማለት ነው።

ኦሎምፒያ፦ የተቀረጸውና የተደገመው

የቴክኒክ ብልጫው እዚህ ላይ መካድ የለበትም። ዛሬ በስፖርት ሥርጭት የለመድነው ብዙ ነገር በዚህ ፊልም በአንድነት ተሰባስቧል። ዝላዩ ከታች እንዲቀረጽ ስታዲየሙ ውስጥ ጉድጓድ ተቆፈረ። ሃንስ ኤርትል ውኃ ውስጥ የሚሠራ ካሜራ ተጠቀመ። በባሉን ካሜራ ተሰቀለ። ከመቶ ሜትር ሯጮች ጎን በሐዲድ ላይ እየተተኮሰ የሚሄድ ካሜራም ተዘጋጅቶ ነበር፤ ዳኞቹ ሯጮቹን ያውካል ብለው ከለከሉት።

400,000 ሜትር ያህል ፊልም ተቀረጸ፤ ይህ 240 ሰዓት ያልፋል። ኤዲቲንጉ ሁለት ዓመት ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው አለቀ። የምርቃቱ ቀን ሚያዝያ 20 ቀን 1938፣ የሂትለር 49ኛ ልደት ነበር።

ብዙዎች የማያውቁት፣ የሚታየው ሁሉ በውድድሩ ሰዓት የተቀረጸ አለመሆኑን ነው። የምርኩዝ ዝላዩ ፍጻሜ ጨለማ ውስጥ ስለገባ ምስሉ አልበቃም፤ ተወዳዳሪዎቹ በማግሥቱ ምሽት ተጠርተው እንደገና ዘለሉ። የማራቶን ሯጩ የገዛ እግሩንና ጥላውን ቁልቁል የሚያይባቸው ምስሎች በልምምድ ጊዜ የተቀረጹ ናቸው፤ በውድድሩ ቀን ሯጭ ላይ ካሜራ ማንጠልጠል አይቻልም። የሕዝቡ ጩኸትና የእግር ኮቴው በአብዛኛው ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ የተሠራ ድምፅ ነው። በጊዜው የነበረው የድምፅ መቅጃ ሌላ ምርጫ ስለማይሰጥ እነዚህ ብቻቸውን ወንጀል አይደሉም። "የሆነውን ብቻ ቀረጽኩ" የሚለውን ቃል ግን ያፈርሱታል።

በሁለተኛው ክፍል ማብቂያ ያለውን የወንዶች ዳይቪንግ ጠጋ ብሎ ማየት ይጠቅማል። መጀመሪያ ላይ ተራ ውድድር ነው፤ የዋናተኛው ስም ይጠራል፣ ይዘላል፣ ውኃው ይረጫል። ቀስ በቀስ ስሙ ይቀራል። ከዚያ አገሩ ይቀራል። ካሜራው ዝቅ እያለ ሄዶ ከሰውየው በስተጀርባ ሰማይ ብቻ ይቀራል። መጨረሻ ላይ ውኃው ራሱ ተቆርጦ ይወጣል፤ ከግራና ከቀኝ የሚበርር፣ የማይወድቅ፣ ጥቁር ጥላ የሆነ ገላ ብቻ ይታያል። እጅግ ያምራል። የሚያምረው ግን ሰውየው ማን መሆኑ፣ መሸነፉ፣ መርጠቡና መድከሙ ስለወጣለት ነው።

ፊልሙን የሚከላከሉ ሰዎች ጥቁሩ አሜሪካዊ ጄሲ ኦውንስ አራት ወርቅ ሲያገኝ በክብር መታየቱን ይጠቅሳሉ፤ እውነት ነው። ይህ መከራከሪያ የሚያሳየው ፊልሙ ተራ የዘር ስብከት አለመሆኑን ነው። ለውጭ ገበያ የተሠራ ፊልም እንደዚያ ሊሆንም አይችልም ነበር፤ ጀርመን በዚያን ጊዜ ለዓለም ልታሳይ የፈለገችው ሰላማዊና እንግዳ ተቀባይ ገጽታ ነበርና።

ኢትዮጵያውያን አንባቢዎች እዚህ ላይ ሊያስተውሉት የሚገባ ነገር አለ። ጨዋታው የተከፈተው ነሐሴ 1 ቀን 1936፣ የፋሺስት ጦር አዲስ አበባ ከገባ ሦስት ወር ሳይሞላ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ኦሎምፒያ በቬኒስ ፌስቲቫል የሙሶሊኒን ዋንጫ ተሸለመ። በዚያው ዓመት ለጣሊያን ፊልሞች የተመደበውን የሙሶሊኒ ዋንጫ የወሰደው "ሉቺያኖ ሴራ ፓይለት" ነው፤ ኢትዮጵያን በመውረር የዘመተ አብራሪን የሚያወድስ፣ የሙሶሊኒ ልጅ ቪቶሪዮ የተቆጣጠረው ፊልም። ሁለቱ ፊልሞች አንድ መድረክ ላይ መቆማቸው የውጭ ልዑካንን አስቆጣ፤ ፈረንሳዮች በካን ሌላ ፌስቲቫል ለማቋቋም የተነሡት ከዚህ በኋላ ነው።

ጦርነቱና ስሌቱ

መስከረም 1939 ጀርመን ፖላንድን ስትወር ሪፈንሽታል ከቀረጻ ቡድኗ ጋር ተከትላ ሄደች። መስከረም 12 ቀን ኮንስኪየ በምትባል ከተማ የጀርመን ወታደሮች የሞቱ ጓዶቻቸውን መቃብር ያስቆፈሯቸውን አይሁዶች ተኩሰው ገደሉ። አንድ ወታደር ያነሳት ፎቶ አለ፤ ፊቷ በድንጋጤ ተጨማዶ ይታያል። እሷ ከጊዜ በኋላ ምንም አላየሁም አለች። ፋየል ከሰነዶቹ መሃል በ1952 የተጻፈ የአንድ መኮንን ደብዳቤ አቅርቧል፤ አይሁዶቹ ከካሜራው ፊት እንዲነሡ ትእዛዝ ሰጥታ እንደነበርና ተኩሱ ከዚያ ግርግር እንደተነሣ ይናገራል። ደብዳቤው ከ13 ዓመት በኋላ የተጻፈ የአንድ ሰው ቃል ስለሆነ ብቻውን የመጨረሻ ማስረጃ ሊሆን አይችልም። የማያከራክረው ቀጥሎ የሆነው ነው፤ ከሦስት ሳምንት በኋላ ዋርሶ ላይ የሂትለርን የድል ሰልፍ ትቀርጽ ነበር።

"ቲፍላንድ" የተባለው ፊልሟ ታሪክ የበለጠ ይከብዳል። ታሪኩ ስፔን ውስጥ የሚካሄድ ነው፤ ጦርነቱ ወደዚያ መሄድን ስለከለከለ የስፔን ሰው የሚመስል መልክ ያላቸው አጃቢ ተዋንያን አስፈለጓት። በ1940 ዛልዝቡርግ አጠገብ ከሚገኘው ከማክስግላን ካምፕ 51 ሮማና ሲንቲ (በተለምዶ "ጂፕሲ" የሚባሉት) ሕፃናት ሳይቀሩ ተወስደው ተቀረጹ። በ1942 ደግሞ በርሊን ከሚገኘው ከማርዛን ካምፕ ከ60 በላይ ተጨመሩ። ሙያተኛ ተዋናይ ምን ያህል እንደሚያስከፍል ለሚያውቅ ስሌቱ ግልጽ ነው፤ እነዚህ ሰዎች እምቢ ማለት አይችሉም፤ የሥራቸው ክፍያም በእጃቸው አልገባም። ብዙዎቹ በ1943 ወደ ናዚዎች የግድያ ካምፕ ወደ አውሽቪትስ ተጋዙ።

በ2002፣ በመቶኛ ዓመቷ፣ ለአንድ ጋዜጣ ሁሉንም ከጦርነቱ በኋላ በሕይወት እንዳገኘቻቸው ተናገረች። የሮማ ማኅበር ክስ ሲያቀርብ ቃሏን በፊርማ አነሳች።

"ተከታይ" ማለት ምን ማለት ነው?

ከጦርነቱ በኋላ ደጋፊዎቿ ሁልጊዜ የሚጠቅሱት አንድ ነገር አለ፦ ፍርድ ቤት ነጻ አውጥቷታል። ትክክል አይደለም። የቀረበችው ለወንጀል ችሎት ሳይሆን ለናዚ ማጥሪያ ጉባኤዎች ነበር። እነዚህ ሰውን በአምስት ደረጃ ይመድቡ ነበር፤ ዋና ጥፋተኛ፣ ጥፋተኛ፣ ቀላል ጥፋተኛ፣ ሚትሎይፈር (ተከታይ) እና ነጻ። እስከ 1952 ድረስ ጉዳይዋ በተደጋጋሚ ታይቶ በአራተኛው ደረጃ፣ በተከታይነት ቆመ። የፓርቲ አባል አለመሆኗ ረድቷታል። ነገር ግን የማጥሪያው ቅጽ በአብዛኛው የሚጠይቀው ስለ አባልነትና ስለ ሥልጣን ነው፤ ያለ አባልነት ካርድ አንድ ፊልም ሠርቶ የአገርን ዓይን መምራት ይቻላል ብሎ አላሰበም።

ከዚያ በኋላ በርካታ ጋዜጦችንና ጸሐፊዎችን ከሰሰች። በ1982 ኒና ግላዲትዝ ስለ ቲፍላንድ አጃቢዎች ዘጋቢ ፊልም ስትሠራ ፍርድ ቤቱ አብዛኛውን ይዘት አጸደቀላት፤ ሪፈንሽታል ስለ አውሽቪትስ ታውቅ ነበር የሚለው ነጥብ ግን እንዲወጣ ወሰነ። ግላዲትዝ ለመቁረጥ አልፈቀደችምና ፊልሙ ለዓመታት ከዓይን ተሰወረ።

ኑባ፦ ያው ዓይን በሌላ አገር

ፊልም የሚያሠራት ስታጣ ካሜራዋን ወደ ሱዳን አዞረች። ከ1962 ጀምሮ ኮርዶፋን ውስጥ ኑባ ተራሮች እየተመላለሰች ትግል የሚገጥሙ ስፖርተኞችንና ገላቸውን የሚቀቡ ወጣቶችን ፎቶ አነሳች። በ1973ና በ1976 የወጡት መጽሐፎቿ በምዕራቡ ዓለም ስሟን አደሱት። አሜሪካዊቷ ጸሐፊ ሱዛን ሶንታግ በ1975 ባወጣችው ታዋቂ ድርሰት ፎቶዎቹ ከድሮዎቹ ፊልሞች የተለየ ነገር እንደማያሳዩ ተከራከረች፤ ጠንካራ ገላ ይወደሳል፣ ሽማግሌና በሽተኛ አይታይም።

ይህን የተቃወሙ አሉ፤ የአፍሪካውያንን ውበት በአክብሮት ያየች ሴት የዘር ጥላቻ ነበራት ማለት አይቻልም ይላሉ። ክርክሩ ግን ስለ ጥላቻ ብቻ አይደለም። ኑባዎች ልብስ መልበስ ሲጀምሩና ገንዘብ ሲገባ እሷ ራሷ በጽሑፎቿ አዝናለች። ሰዎቹ እንደ ሰው መለወጣቸው ለእሷ የምስሉ መበላሸት ነበር። መጽሐፎቹን ያዩ ጎብኚዎችም ተከትለው ካሜራ ይዘው ጎረፉ፤ ይህ ውጤት በእኛም አገር በኦሞ ሸለቆ ለፎቶ ገንዘብ የሚከፈልበትን ገበያ ለሚያውቅ አዲስ አይደለም።

ሳጥኖቹ ከተከፈቱ በኋላ

ጀርመን ውስጥ "የፈቃድ ድል" የተከለከለ ፊልም አይደለም፤ "ፎርበሃልትስፊልም" ይባላል፤ በቅድመ ሁኔታ የሚታይ ማለት ነው። አዳራሽ ውስጥ ለማሳየት በቅድሚያ የሚያብራራ ባለሙያና ከዚያ በኋላ ውይይት ያስፈልጋል። ይህ ደንብ ሙሉ ፊልሙን በኢንተርኔት ላይ ለሚያገኝ ወጣት አይደርስም፤ ለዚህ ነው የአሠራር ዕውቀት ከክልከላ የበለጠ የሚያስፈልገው።

ሳጥኖቹ ራሳቸው በጥንቃቄ መነበብ አለባቸው። አስቀምጣ የሄደችው እሷ ናት፤ ምን እንደሚቀርም የመረጠችው እሷ ናት። በ1934 ለአንድ የብሪታኒያ ጋዜጣ የሂትለርን መጽሐፍ ገና ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሮ እንደተቀበለችው የተናገረችበት ቃለ ምልልስ እንዳለ የሚታወቀው ከጋዜጣው ነው፤ ከሳጥኖቹ ግን ጎድሏል። በአንጻሩ በ1976 በቴሌቪዥን ቀርባ ስትወቀስ ደውለው ያጽናኗት ሰዎች ድምፅ በካሴት ተቀድቶ ተቀምጧል።

የኑባ ፎቶዎችን በሚመለከት ፋውንዴሽኑ ከኑባ ሰዎች ጋር አብሮ እንደሚሠራ አስታውቋል። ሱዳን ከ2023 ሚያዝያ ጀምሮ ጦርነት ላይ ናት፤ በፎቶዎቹ ላይ ያሉትን ሰዎች የሚያውቁ ሽማግሌዎችም ቁጥራቸው ከዓመት ዓመት እየቀነሰ ነው።

ፊልሙን ለተማሪ የሚያሳይ መምህር በመጀመሪያ ድምፁን ያጥፋ። አምስት ደቂቃ ያለ ሙዚቃ ሲታይ ስንት ጊዜ አንድ ዓይነት ፊት እንደተደጋገመ ይቆጠራል። ቀጥሎ በእያንዳንዱ ምስል ካሜራው የት እንደቆመ ተማሪዎቹ ወረቀት ላይ ይሳሉ፤ አሳንሰሩ፣ ሐዲዱና ጉድጓዱ ያኔ ይገኛሉ። በመጨረሻ የኮንስኪየ ፎቶ ይምጣ፤ ካሜራው በሌላ ሰው እጅ ሆኖ እሷ ፍሬሙ ውስጥ የገባችበት ምስል ነው።